የወጥ ቤቱ ግሪክኛ

ቄስ አሳሄል ዊትኮም በሞቱ ጊዜ የዌስት ሃርሎው ሰው ሁሉ አዘነ፤ ከሰውዬው ይልቅ ግን ያዘነው ለሚያውቁት ግሪክኛ ነበር። «ያ ሁሉ ግሪክኛ አፈር ገባ» አሉ የቤተ ክርስቲያኑ ሽማግሌ ልሙኤል ስቶዳርድ፣ ባርኔጣቸውን ደረታቸው ላይ አድርገው ጉድጓዱ አፋፍ ላይ እንደቆሙ። ግሪክኛው ግን አፈር አልገባም። ጥቁር ልብስ ለብሶ፣ ከሬሳ ሳጥኑ በስተግራ ቆሞ፣ ለቀብር የመጣው ሰው ሁሉ ምን እንደሚበላ ያስብ ነበር።

ፐርሲስ የቄሱ አንድ ልጅ ናት። አባቷ ወንድ ልጅ አልወለዱም፤ በማሳቹሴትስ ኮረብታ ላይ ደግሞ የበረዶው ወራት ማለቂያ የለውም። ስለዚህ ገና በልጅነቷ ላቲን አስጀመሯት። ግሪክኛውን አብረው ነበር የጀመሩት፤ አባትየው መንገድ ላይ ደክሟቸው ተቀመጡ፣ እሷ ቀጠለች። ቤታቸው ወንዶች ልጆች ለኮሌጅ የሚዘጋጁበት ትምህርት ቤት ነበር። የቄሱ ዓይን ሲፈዝ ታነብላቸው ጀመር። ምላሳቸው ሲተሳሰር ትናገርላቸው ጀመር። በመጨረሻ እሳቸው ምድጃው ዳር ብርድ ልብስ ተከናንበው ሲያንቀላፉ፣ ሙሉ ቀን የምታስተምረው እሷ ሆነች። ከዚያ ቤት ወጥቶ በኮሌጁ መግቢያ ፈተና የወደቀ ልጅ እምብዛም አልነበረም። ይህን ከተማው ሁሉ ያውቃል፤ ማንም ግን አይናገረውም። ስሙ «የቄሱ ትምህርት ቤት» ነበር፤ ቄሱም ቢያንኮራፉ ቄስ ናቸውና ስሙ ሐሰት አልነበረም።

ቀብሩ ካለፈ በኋላ የትምህርት ቤቱ ኮሚቴ በፐርሲስ ሳሎን ተሰበሰበ፤ ፐርሲስ የጋገረችውን የፖም ኬክ እየበላ ስለ ተተኪ ሊመክር።

«ፐርሲስ ልጄ» አሉ ሽማግሌ ስቶዳርድ አፋቸው እንደሞላ፣ «አባትሽ ዘንድ የተማሩትን ሁሉ ታውቂያቸዋለሽ። ለዚህ ወንበር የሚሆን ማን አለ ትያለሽ?»

«እኔ አለሁ» አለች።

ሽማግሌው በርኅራኄ ፈገግ አሉ። «ሐዘን ነው» አሉ ወደ ሌሎቹ ዞረው፣ እሷ ክፍሉ ውስጥ እንደሌለች ሁሉ።

«ሐዘን ብቻ አይደለም» አሉ ዶክተር ፊኒያስ ክሮስቢ፤ በኮሚቴው ውስጥ የሳይንሱን ወገን የሚወክሉት እሳቸው ነበሩ። «የግሪክ ግስ የሴትን ደም ወደ ራስ ይስባል። ደሙ ራስ ላይ ሲቀር ሌላው አካል ይደርቃል። የታወቀ ነገር ነው።»

«እኔ ከልጅነቴ ጀምሬ ግስ ሳረባ ነው የኖርኩት፣ ዶክተር። መቼ ነው የምደርቀው?»

ዶክተሩ ከላይ እስከ ታች አዩዋት። አርባ ሊሞላት ጥቂት የቀራት፣ ትከሻዋ ሰፋ ያለ፣ ጉንጯ የቀላ ሴት ነበረች። «ሳይታወቅ ነው የሚጀምረው» አሉ።

«ኬኩስ ደርቋል?»

«ኬኩ ግሩም ነው» አሉና ሌላ ቁራሽ አነሱ።

ኬኩ ሲያልቅ ውሳኔውም አለቀ። ወንበሩ ለኦሪን ፔቲቦን ይሰጥ ተባለ። ኦሪን ከኮሌጁ ገና የተመረቀ፣ ቁመናው ያማረ፣ ድምፁ የቤተ ክርስቲያን መስኮት የሚያንቀጠቅጥ ወጣት ነው። ለኮሌጅ ያዘጋጀችው ራሷ ፐርሲስ ነበረች፤ በግስ እርባታ ስንቴ እንደጣለችው እሷና እሱ ያውቃሉ። ቤቱ የደብሩ ንብረት ስለነበረ፣ ኮሚቴው ልቡ ራርቶ እዚያው እንድትኖር ፈቀደላት፤ ለአዲሱ መምህርና ለአዳሪዎቹ ልጆች ምግብ እየሠራች፣ ልብሳቸውንም እያጠበች። «እንዲህ ያለ ቸርነት በሌላ ከተማ አታገኚም» አሏት ሽማግሌው ሲወጡ። እውነታቸውን ነው። ሌላው ምርጫዋ ኦሃዮ ያለችው የአክስቷ ልጅ ነበረች፤ ልጅ መውለድ የማይደክማት፣ ነጻ ሞግዚት የምትፈልግ ሴት። ፐርሲስ እሺ አለች። ከዚያ ጓሮ ወጥታ መጥረቢያ አነሳችና እንጨት ስትፈልጥ ዋለች፤ ያየቻት ጎረቤት የሚፈለጠው ሁሉ እንጨት አልመሰለኝም ብላ አውርታለች።

ሽማግሌ ስቶዳርድ በዚያው ሰሞን አንድ ተጨማሪ ቸርነት ጨመሩ። የቤት ሙያ እንድትማር ብለው ልጃቸውን ሰብሚትን ወደ ፐርሲስ ወጥ ቤት ላኳት። ሰብሚት ማለት ተገዢ ማለት ነው። አባቷ ስሙን ያወጡላት በተስፋ ነበር፤ ተስፋው ግን ከስም አላለፈም። አሥራ ሰባት ዓመቷ ነው፤ የነገሯትን ሁሉ «ለምን?» ትላለች፤ ሲመልሱላትም ደግማ «ለምን?» ትላለች። ፐርሲስ እንዲህ ያለ ተማሪ ካየች ብዙ ጊዜ ሆኗት ነበር።

አዲሱ መምህር ሥራ በጀመረ በመጀመሪያው ሰኞ፣ ፐርሲስ ክንዷ ድረስ የልብስ ሳሙና ውስጥ እንዳለች፣ የወጥ ቤቱ በር ቀስ ብሎ ተከፈተ።

«ሚስ ፐርሲስ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝ» አለ ኦሪን። መጽሐፉን እንደ ታመመ ሕፃን ታቅፎታል። «ይህ ግስ ያለፈ ነው ወይስ የሚመጣ?»

«ማን ጠየቀህ?»

«አንዱ ልጅ።»

«ምን አልከው?»

«ጥሩ ጥያቄ ነው አልኩት።»

ፐርሲስ እጇን በሽርጧ ጠርጋ ገጹን አየች። «አላለፈም፣ አይመጣምም። ትእዛዝ ነው። ‹ዝም በል› ማለት ነው።»

ኦሪን ከልቡ አመስግኖ ተመለሰ። ወዲያው ያ ግሩም ድምፁ በግድግዳው አልፎ መጣ፤ «ዝም በል!» ምስኪኑ ጠያቂ ለራሱ የተነገረ መስሎት ሳምንቱን ሙሉ አፉን አልከፈተም።

ከዚያ በኋላ ነገሩ ልማድ ሆነ። ኦሪን ልጆቹን ለዕረፍት ይለቅቃል፣ ወጥ ቤት ይመጣል፣ የሚቀጥለውን ትምህርት ይቀበላል፣ ተመልሶ ያስተጋባዋል። ሲመጣ ባዶ እጁን አይመጣም፤ ውሃ ይቀዳል፣ ከባዱን ድስት ያወርዳል። ፊት ለፊት ደግሞ አይዋሽም፤ «ይሄ አልገባኝም» ይላል። በሰው ፊት «ሚስተር ፔቲቦን፣ እራት ቀርቦልዎታል» የምትለው ፐርሲስ ወጥ ቤት ሲገባ «ና አንተ፣ ተቀመጥ» ትለዋለች፤ እሱም ይቀመጣል። እውነቱን ለመናገር አትጠላውም ነበር። የጠላችው ወንበሩን ነው፤ እሱ ወንበሩ ላይ የተቀመጠ መልካም ድምፅ ነበር።

ልጆቹም ጅል አልነበሩም። ትምህርቱ መጀመሪያ በግድግዳው በኩል በሴት ድምፅ፣ ቀጥሎ በበሩ በኩል በወንድ ድምፅ እንደሚመጣ ካወቁ በኋላ፣ ከምንጩ መቅዳት መረጡ። በየተራ «እንጨት ላግባ?» እያሉ መምጣት ጀመሩ። በዚያ ዓመት የፐርሲስ ምድጃ እንጨት አልጎደለበትም። እሷ ሊጡን እያቦካች አንዱን ታርማለች፣ የዓሣውን ቅርፊት እየፋቀች ሌላውን ትገሥጻለች። ሰብሚት ባቄላ እየለቀመች ዝም ብላ ትሰማ ነበር። የበረዶው ወር ሳይወጣ መስማቱን ትታ ማረም ጀመረች። «እንዲህ አይባልም፤ ሁለት ሰዎች ሲሆኑ ግሱ ይለወጣል» ትላለች ባቄላውን ሳትለቅ። ልጆቹ ከፐርሲስ ይልቅ እሷን ፈሩ።

የኮሚቴው ደስታ ወሰን አጣ። ሽማግሌ ስቶዳርድ አንድ እሑድ ለምሳ መጥተው፣ ባቄላ በአሳማ ሥጋ እያቀረበችላቸው እንዲህ አሏት፤ «ልጆቹ ከአባትሽ ዘመን እንኳ ይበልጣሉ፣ ነፍሳቸውን ይማርና። ሥራ ወንድ ሲገባበት እንዲህ ነው።»

«ይጨመርልዎ?» አለች ፐርሲስ።

«ትንሽ።»

አብዝታ ጨመረችላቸው፤ ሆዳቸውን እንደሚነፋቸው ታውቃለች።

ጸደይ ሲገባ ሽማግሌው ይህን ድንቅ ሥራ ዓለም ይይልኝ ብለው ከኮሌጁ የግሪክኛ ፕሮፌሰር ጋበዙ። ልጆቹ በቤተ ክርስቲያኑ አዳራሽ በሕዝብ ፊት ይፈተናሉ ተባለ። ደንቡ ደግሞ መምህሩ እንግዳውን በግሪክኛ ንግግር እንዲቀበል ያዛል። ኦሪን ይህን እንደሰማ ፊቱ አመድ መስሎ ወደ ጓሮ ወጣ። ፐርሲስና ሰብሚት በትልቁ የብረት ድስት ሞራውን በአመድ ውሃ እያፈሉ ሳሙና ይሠሩ ነበር።

«ጥቂት ዐረፍተ ነገር ቢሰጡኝ» አለ። «በቃሌ አጠናዋለሁ። ድምፁን ብቻ ይንገሩኝ።»

«ነገ ና» አለችው።

ቀኑን ሙሉ አሰበች። መጀመሪያ ያሰበችው ቀላልና ጨዋ ሰላምታ ነበር፤ እንኳን ደህና መጡ፣ ክብር ይሰማናል፣ ይኸው ነው። ለኦሪን ብላ እንደዚያው ልትተወው ነበር። አመሻሽ ላይ ግን ሽማግሌ ስቶዳርድ በአጥሩ በኩል ሲያልፉ ቆም አሉ። «ፐርሲስ፣ ለፕሮፌሰሩ እራት ያን ወፍራሙን ዝይ አድርጊልን። ደግሞ አደራ፣ ገበታ ላይ ስለ መጻሕፍት እንዳትናገሪ። እንግዳ ይሰለቻል፣ እኛንም ያሳፍረናል።» ሄዱ። ፐርሲስ ሳሙናውን ማማሰሉን ቀጠለች፤ ጨዋው ሰላምታ ግን ከአሳቧ ወጥቶ ጠፋ።

በማግስቱ ኦሪን መጣ። እሷ ትላለች፣ እሱ ይከተላል። ለጆሮው እንጂ ለአሳቡ የተሰጠው ስላልነበረ ቶሎ ያዘው።

«ፍቺውስ ስለ ምንድን ነው?» አለ በመጨረሻ፣ ለወጉ ያህል።

«ስለ እውቀትና ስለ እራት።»

«ለእንግዳ የሚስማማ ነው» አለና እያነበነበ ሄደ።

የሰብሚት ማማሰያ ቆሞ ነበር። «ሚስ ፐርሲስ፣ ሦስተኛው ዐረፍተ ነገር…»

«ሳሙናው እንዳያርር» አለች ፐርሲስ።

ቀኑ ደረሰ። አዳራሹ ጢም ብሎ ሞላ፤ ኮሚቴው ከፊት ወንበር ተሰደረ። ፐርሲስ ዝይውን ለጎረቤት አደራ ሰጥታ ከሰብሚት ጋር ሰገነቱ ላይ ሴቶቹ መካከል ተቀመጠች። ፕሮፌሰር ትሬድዌል ትንሽዬ፣ ጉንፋን የያዛቸው ሽማግሌ ነበሩ፤ መሐረባቸው ከእጃቸው አይለይም። ኦሪን ተነሣ፣ ደረቱን ነፋ፣ ያን ድምፁን ለቀቀው። የተናገረው በእኛ ቋንቋ ቢመለስ ይህን ይላል፤

«ክቡር እንግዳ ሆይ፣ ይህን የሚናገረው አፍ የሚናገረውን አያውቅም። ይህን ንግግር ያዘጋጀችው፣ እነዚህንም ልጆች ያስተማረችው ሴት የእራትህን ዝይ ስትነጭ ዋለች። ከፊትህ ተቀምጠው ራሳቸውን የሚነቀንቁት ሽማግሌዎች ይህን ሁሉ ያውቃሉ፤ የማያውቁት ግሪክኛውን ብቻ ነው። ጥያቄህን አሳጥር፤ ዝይው ይበርዳል።»

ሽማግሌ ስቶዳርድ በየዐረፍተ ነገሩ ማብቂያ ራሳቸውን ነቀነቁ። ዶክተር ክሮስቢ ዓይናቸውን ጠረጉ። ከልጆቹ አንዱ የጫማ ክሩን ሊያስር ጎንበስ ብሎ ሳይነሣ ቀረ፤ ሌላው ቆቡን ነክሶ ያዘ። ሰብሚት ፊቷን በሻርፗ ቀብራ ትከሻዋ ይንቀጠቀጥ ነበር፤ አጠገቧ ያሉ ሴቶች ይህች ልጅ መንፈሳዊ ሆናለች ተባባሉ። ፕሮፌሰሩ ፊታቸው ሳይለወጥ እስከ መጨረሻው አዳመጡ፣ ተናፈጡ፣ ተነሡ። «በዚህ አገር እንዲህ ያለ ንጹሕ ግሪክኛ ሰምቼ አላውቅም» አሉ። ከዚያ ልጆቹን ጥቂት ጥቂት ጠየቋቸው፤ ሁሉም መለሱ፤ ጉባኤው ተበተነ።

ፐርሲስ ወደ ቤት ስትወርድ መጀመሪያ ሳቀች። መንገዱ አጋማሽ ላይ ሳቁ ጠፋ። አልገባቸውም ማለት ነው። በዚህ ሁሉ አገር የምትሳደበውን እንኳ የሚሰማላት ሰው የለም።

እራት ላይ ፕሮፌሰሩ ዝይውን እያደነቁ፣ ኮሌጃቸው ለጀማሪዎች የግሪክኛ ረዳት መምህር እንደሚፈልግና ሚስተር ፔቲቦንን ሊወስዱ እንደሚሹ ተናገሩ። ሽማግሌ ስቶዳርድ አጥንት ሊያንቃቸው ነበር። ኦሪን ቀልቶ ወደ ፐርሲስ ተመለከተ። ፐርሲስ የያዘችውን ሳህን በዝግታ ገበታው ላይ አስቀመጠች፤ ብትወረውረው ማን ላይ እንደምትወረውር ስላልለየች።

ከእራት በኋላ፣ ገና ፀሐይ ሳትጠልቅ፣ ፕሮፌሰሩ ለጉንፋናቸው ሙቅ ውሃ ፍለጋ ወጥ ቤት ገቡ። ወንበር ስበው ተቀመጡ።

«ዝይው አልበረደም ነበር» አሉ።

ፐርሲስ ማንቆርቆሪያውን እንደያዘች ቆመች። «ገብቶዎታል ማለት ነው።»

«ሁሉም ገብቶኛል። ‹ራሳቸውን የሚነቀንቁ› ያሉበት ቃል ግን ለበሬ ነው የሚነገረው።»

«አውቄ ነው።»

«ገምቼ ነበር። በጣም የሚያምር አገባብ ነው።»

«ታዲያ ለምን ዝም አሉ?»

ሰውዬው ይህን በእውነት እጠየቃለሁ ብለው አልጠበቁም ነበር። «ብናገር ምን ይሆናል? ወጣቱ ያፍራል፣ ሽማግሌዎቹ ይቆጣሉ፣ እርስዎ ከዚህ ቤት ይባረራሉ። ማን ይጠቀማል?»

«ስለዚህ ምንም የማያውቀውን ሰው ለኮሌጅ መምህርነት አጩት።»

«እዚያ ካሉት አያንስም። ድምፁ ደግሞ ከሁሉም ይሻላል» አሉ ፕሮፌሰሩ። «ልጄ፣ እርስዎን መቅጠር አልችልም። እርስዎ ራስዎ ያውቁታል። እሱን ወስጄ ወንበሩን ባዶ ማድረግ ግን እችላለሁ። ከዚህ የበለጠ በእጄ ያለ ነገር የለም። ትንሽ ውሃ ይጨመርልኝ?»

ጨመረችላቸው። ጠጡ፣ አመሰገኑ፣ ወጡ። ሰውዬው ደግ ነገር እንዳደረጉ ያምኑ ነበር፤ ምናልባትም አድርገው ይሆናል፤ ይበልጥ ያበገናትም ይኸው ነው። ባይገባቸው ኖሮ ይሻላት ነበር። በማይሰማ ሰው ላይ ስቆ መገላገል ይቻላል። ሁሉን ሰምቶ፣ አገባቡን አድንቆ፣ ዝይ በልቶ፣ አፍንጫውን ጠርጎ የሚሄደውን ግን ምን ታደርጊዋለሽ? በዚያ ምሽት ዕቃውን ስታጥብ ሁለት ሳህን ሰበረች፤ ሰብሚት ስብርባሪውን ለቀመች።

ኦሪን ሊሰናበታት መጣ። ሻንጣው በር ላይ ነው፤ እሱ ግን ከወጥ ቤቱ መውጣት አቅቶታል።

«ሚስ ፐርሲስ፣ ኮሌጁ ውስጥ ወጥ ቤት የለም» አለ።

«አለ እንጂ፤ ምግብ ብቻ ነው የሚሠራበት።» ከዚያ አሳዘናት። «ተቀመጥ። ያንን ንግግር ፍቺውን ልንገርህ።»

ቃል በቃል ነገረችው። ኦሪን እስከ ጆሮው ቀላ።

«ስለ እውቀትና ስለ እራት ነው ብለውኝ ነበር።»

«ዋሸሁህ?»

አሰበበት። «አልዋሹኝም» አለ። ቆይቶም፣ «ግን ድምፄ ጥሩ ነበር?»

«ግሩም ነበር፣ ኦሪን።»

ይህ በቃው። ሲወጣ አንድ ምክር ሰጠችው፤ «የማታውቀውን ሲጠይቁህ ‹እናንተስ ምን ትላላችሁ?› በላቸው። ከመካከላቸው አንዱ አያጣውም።» ኦሪን በዚህ አንድ ዐረፍተ ነገር ኮሌጁ ውስጥ ተከብሮ ሸመገለ፤ ተማሪ ራሱ እንዲያስብ የሚያደርግ መምህር ነው ተብሎም ተመሰገነ።

ኮሚቴው ዳግመኛ በፐርሲስ ሳሎን ተሰበሰበ። በዚህ ጊዜ ኬክ አልቀረበም። የመግቢያው ፈተና በጋው ሲወጣ ነው፤ እስከዚያ ከኮሌጅ የሚመጣ ወንድ አልተገኘም፤ የልጆቹ አባቶችም መጮኽ ጀምረዋል።

«ለጊዜው» አሉ ሽማግሌ ስቶዳርድ፣ ቃሉን እንደ መራራ መድኃኒት እየዋጡ፣ «ለጊዜው ብቻ፣ ሰው እስኪገኝ፣ አንቺ ብታግዢን።»

«አላግዝም። አስተምራለሁ» አለች ፐርሲስ። «ትልቁ ክፍል ውስጥ፣ አባቴ ወንበር ላይ። ምግብ የሚሠራ ሌላ ሰው ይቀጠር። ሴቶች ልጆችም ይማራሉ።»

«ሴቶች? ግሪክኛ?» አሉ ሽማግሌው። «ምን ያደርግላቸዋል?»

«ለወንዶቹስ ምን አደረገላቸው?»

ሽማግሌው ሊመልሱ አፋቸውን ከፈቱ፤ ከከተማው የተማሩትን ሁሉ በአሳባቸው አንድ በአንድ ፈለጉ፤ አፋቸውን መልሰው ዘጉ።

«የደሙ ነገር አለ» አሉ ዶክተር ክሮስቢ። «ሴቶቹ ሁሉ ቢታመሙስ?»

«ያን ጊዜ ማንን ይጠራሉ፣ ዶክተር? እርስዎን አይደለም?»

ዶክተሩ በዚህ በኩል አይተውት አያውቁም ነበር። ድምፅ ሲሰጥ መጀመሪያ እጃቸውን ያወጡት እሳቸው ናቸው።

«ልጄ ግን አትገባም» አሉ ሽማግሌ ስቶዳርድ ተሸንፈው ሲነሡ። «ሰብሚት፣ ሻርፕሽን ያዢና ወደ ቤት።»

ሰብሚት በሩ ላይ ቆማለች። «አባባ፣ ፕሮፌሰሩ የፈተኗቸውን የእነዚያን ልጆች ስህተት ስለቅም የከረምኩት እኔ ነኝ።»

«ማን ፈቀደልሽ?»

«እርስዎ። ወጥ ቤት ገብተሽ ሙያ ተማሪ አሉኝ። እዚያ የሚሠራውን ተማርኩ።»

«እኔው ነኛ ያስተማርኩሽ!» አሉ አባትየው፤ ለማለት የፈለጉት ግን ይህን አልነበረም። ባርኔጣቸውን አንሥተው ብቻቸውን ሄዱ። ሰብሚት በማግስቱ ትልቁ ክፍል ገብታ ከፊተኛው አግዳሚ ጫፍ፣ ሙቀቱ ከሚደርስበት በኩል ቦታዋን ያዘች፤ ከወንዶቹም አንድም ተነሺልኝ ያላት የለም።

በኮሚቴው መዝገብ ላይ ፐርሲስ «ተጠባባቂ» ተባለች። ተጠባባቂነቱ ያን በጋ አለፈ፣ ቀጣዩን አለፈ፣ ጸጉሯ ሸበተ፣ አለፈ። በየጸደዩ ኮሚቴው እየተሰበሰበ ተገቢ የሆነ ወንድ ፍለጋው እንደቀጠለ ወስኖ ይበተናል። ቃሉን ትጠላው ነበር፤ ሲጠሯት ከንፈሯ ይጠብቃል። ጠዋት ጠዋት ግን ያን ክፍል ስትከፍት፣ ወንዱም ሴቱም አፋቸው ጭስ እያወጣ በብርድ ሲቀመጡ፣ ማንም በግድግዳ ሳይሆን ፊት ለፊት ሲሰማት፣ የኮሚቴው ስም ከአሳቧ ይወጣል። ለእሷ ያ ይበቃታል የሚሉ ነበሩ። አይበቃትም ነበር፤ ስትጠየቅም አይበቃኝም ትል ነበር።

ሰብሚት ትምህርቱ ሲበቃት ወደ ምዕራብ ሄዳ በሰፈረችበት ከተማ የራሷን ትምህርት ቤት ከፈተች። አባቷ ሠረገላው ሲነሣ አለቀሱ፤ ጎረቤት ሲያያቸው አቧራው ነው አሉ። ከዚያም በገበያው በአደባባዩ «ልጄ ግሪክኛ ታውቃለች» ማለት ጀመሩ፤ ማን እንዳስተማራት ሲጠየቁ ከቤተሰቡ የወረደ ነው ይሉ ነበር።

ፐርሲስ በሸመገለች ጊዜ ሞተች፤ በዚያ ሳምንት እንኳ አስተምራ ነበር። ኮሚቴው ቀብሩ ካለፈ በኋላ ተሰበሰበና በመጨረሻ ቋሚ ሰው ተገኘ ብሎ አበሠረ። ሰውዬው ወንድ ነበር፣ ተመራቂ ነበር፣ ድምፁም ደህና ነበር። በኅዳር እስከሚውለው የምስጋና በዓል እንኳ አልቆየም። ከፊተኛው አግዳሚ የተቀመጡት ሴቶች ልጆች ጥያቄ አበዙበት።